መመለስ ሌላ፣ መገናኘት ሌላ

ሐምሌ 11 ቀን 2010 ዓ.ም. ሁለት የኢትዮጵያ አየር መንገድ አውሮፕላኖች ከ20 ዓመት በኋላ ለመጀመሪያ ጊዜ አስመራ አረፉ። አውሮፕላን ማረፊያው በእልልታና በለቅሶ ተሞላ። ወላጅና ልጅ፣ ባልና ሚስት፣ እህትና ወንድም ተቃቀፉ፤ አገሩም በቴሌቪዥን መስኮት አብሯቸው አነባ። ተገቢ ደስታ ነበር። በዚያው ሳምንት ግን ከአዲስ አበባ 360 ኪሎ ሜትር ያህል በምትርቀው የጌዴኦ ዞን ከተማ በዲላ፣ ከዚያም ወዲያ በይርጋ ጨፌ፣ በኮቸሬና በጌዴብ፣ ትምህርት ቤቶች፣ አብያተ ክርስቲያናትና ያላለቁ የመንግሥት ሕንፃዎች በተፈናቃይ ተጨናንቀው ነበር። በአንድ ክረምት ኢትዮጵያ በሰሜን የተለያየ ቤተሰብ ስታገናኝ በደቡብ ሌላ ቤተሰብ ይበተንባት ነበር። የሰሜኑን በእልልታ ተቀበልነው፤ የደቡቡን በቁጥር መዝግበን አለፍነው። ይኸው ከሰባት ዓመት በላይ ሆነው፤ የጌዴኦና የጉጂ መፈናቀል በመንግሥት ወረቀት ላይ «ተመልሰዋል» ተብሎ ተዘግቷል። ስንት ሰው ወደ ቀበሌው ተመለሰ የሚለው ተደጋግሞ ተነግሯል፤ ስንት ቤተሰብ ተገናኘ የሚለው ግን ራሱን እንደቻለ ጥያቄ ተነስቶ አንድ ባለሥልጣን በአደባባይ ሲመልስበት አልታየም። እኔ የምለው፣ ይህ ሁለተኛው ጥያቄ እስካልተመለሰ ድረስ የመጀመሪያው መልስ ግማሽ ነው፤ ዛሬም ቢሆን ሊመለስ ይችላል፣ መመለስም አለበት።

ሰው በዚያ ብዛት እንዴት ተበተነ የሚለውን ለመረዳት ካርታውን ማየት ይበቃል። በ1999 ዓ.ም. የሕዝብና ቤት ቆጠራ ጌዴኦ ዞን 847,434 ሕዝብ ነበረበት፤ ስፋቱ ደግሞ ከ1,200 ካሬ ኪሎ ሜትር ብዙም አይበልጥም። በአንድ ካሬ ኪሎ ሜትር 700 ሰው ያህል ማለት ነው፤ ያውም ከተሜ ያልሆነ፣ በእርሻ የሚተዳደር ሕዝብ። አባት ያቺን ቁራሽ መሬት ለአራትና ለአምስት ወንድ ልጅ ማካፈል ስለማይችል፣ ልጆቹ ተራ በተራ በኦሮሚያ ክልል ወዳሉት የጉጂ ወረዳዎች፣ ወደ ቀርጫ፣ ወደ ሀምበላ ዋመና፣ ወደ ገላና፣ ወደ አባያ እየተሻገሩ መሬት ተከራዩ፣ ገዙ፣ ቡና ተከሉ፣ ወለዱ፣ ከጉጂም ጋር ተጋቡ። አንድ ወንድም ይርጋ ጨፌ፣ ሌላው ቀርጫ መኖሩ የተለመደ ነገር ነው። ከዚያም በሚያዝያ 2010፣ ጥቂት ቆይቶም በባሰ ሁኔታ በሰኔ፣ በጌዴኦና በጉጂ መካከል በተነሳ ግጭት ወደ አንድ ሚሊዮን የሚጠጋ ሰው ከቤቱ ወጣ። አብዛኛው ጌዴኦ ነው፤ የጉጂ ተፈናቃዮችም ብዙ ነበሩ። በአውሮፓውያኑ 2018 በግጭት ምክንያት አዲስ በተፈናቀለ ሰው ብዛት ኢትዮጵያን ከዓለም አንደኛ ያደረጋት፣ 2.9 ሚሊዮን ያህል ሰው የተፈናቀለበት ዓመት ይኸው ነው። የዚያን ያህል ሕዝብ በቀናት ውስጥ፣ በእግሩ፣ በዝናብ፣ ከፊሉ በሌሊት ሲሸሽ ቤተሰብ አንድ ላይ ሆኖ አይሸሽም። ገበያ የነበረችው እናት በአንድ መንገድ፣ ከብት ላይ የነበረው ልጅ በሌላ መንገድ ይወጣል። እናቱ ጌዴኦ አባቱ ጉጂ የሆነ ልጅ ደግሞ የቱም መንገድ የእሱ አይደለም።

ቀጥሎ የሆነውን እናስታውሳለን። በመጋቢት 2011 በጌዴብ ወረዳ ጎቲቲ የሰፈሩ ተፈናቃዮች በረሃብ መጎዳታቸው ተሰምቶ ጠቅላይ ሚኒስትሩ እስከ ቦታው ሄዱ፤ በግንቦት ደግሞ ተፈናቃዩ በብዛት ወደ ወጣበት ቀዬ እንዲመለስ ተደረገ። የረድኤትና የመብት ድርጅቶች መመለሱ በፈቃድ ላይ የተመሠረተ አይደለም ሲሉ መንግሥት አይ፣ በፈቃድ ነው አለ። ክርክሩ ሁሉ የተካሄደው በአንድ ነጠላ ሰው ዙሪያ ነው፦ ተመለሰ ወይስ አልተመለሰ፣ ወዶ ወይስ ተገዶ። ቤተሰቡ ከክርክሩ ውጭ ቀረ።

ሕጉ ግን ቤተሰቡን አልረሳውም። የአፍሪካ ኅብረት በ2002 ዓ.ም. ካምፓላ ላይ የተፈራረመበትን የአገር ውስጥ ተፈናቃዮች ስምምነት ኢትዮጵያ በአዋጅ ቁጥር 1187/2012 አጽድቃዋለች። የዚህ ስምምነት አንቀጽ 9 መንግሥታት በመፈናቀል የተለያየ ቤተሰብን የሚያፈላልግና የሚያገናኝ ልዩ አሠራር እስከ ማቋቋም የሚደርስ እርምጃ እንዲወስዱ ያዛል። የራሳችን ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 34 ቤተሰብ የኅብረተሰብ መሠረት ስለሆነ ከኅብረተሰብና ከመንግሥት ጥበቃ የማግኘት መብት አለው ይላል፤ በአንቀጽ 36 ደግሞ ሕፃን ወላጆቹን የማወቅና የእነሱን እንክብካቤ የማግኘት መብት ሰጥቶታል። ስለዚህ የማፈላለግ ሥራ በጎ አድራጊ ሲገኝ የሚሠራ፣ ገንዘብ ሲያልቅ የሚቆም ደግነት ሳይሆን መንግሥት ራሱ ፈርሞ የገባበት ግዴታ ነው። በችግሩ ወቅት የሕፃናት ጥበቃ ሠራተኞች ካለ ወላጅ የቀሩ ልጆችን መመዝገባቸው፣ የቀይ መስቀል ቤተሰብም በዚህ መስክ የቆየ ልምድ ያለው መሆኑ እውነት ነው። ሆኖም በፕሮጀክት የተያዘ መዝገብ ዕድሜው የፕሮጀክቱን ያህል ነው። በዚህ ላይ ያን ጊዜ ጌዴኦን ያስተዳድር የነበረው የደቡብ ብሔሮች፣ ብሔረሰቦችና ሕዝቦች ክልል ዛሬ የለም፤ ዞኑ በ2015 በተመሠረተው የደቡብ ኢትዮጵያ ክልል ሥር ነው። ክልል ሲፈርስ ሠራተኛ ይደለደላል፣ ንብረት ይከፋፈላል። የአንዲት የጠፋች ልጅ ፋይል በዚያ ክፍፍል ውስጥ የማን ድርሻ ሆነ ብሎ መጠየቅ ያስፈልጋል።

ሰውዬው ቀዬው ከገባ፣ ቆርቆሮና ዘር ከተሰጠው፣ ሌላው የግል ጉዳዩ ነው የሚል አስተሳሰብ አለ። ይህን የሚል ሰው የጌዴኦን ጓሮ አላየም። በመስከረም 2016 ዩኔስኮ በዓለም ቅርስነት የመዘገበው የጌዴኦ መልክዓ ምድር ዛፉ፣ ከዛፉ ሥር እንሰቱ፣ ከእንሰቱ ጋር ቡናው ተደራርበው የሚኖሩበት እርሻ ነው፤ ያን ያህል ሕዝብ በዚያች መሬት ላይ የኖረው በዚህ ጥበብ ነው። ይህ እርሻ የሚቆመው ደግሞ በቤተሰብ ጉልበት ነው። እንሰቱን የሚተክለውና የሚኮተኩተው ወንዱ ቢሆን እንኳ፣ ከተቆረጠ በኋላ ግንዱን በሳንቃ ላይ አጋድመው በቀርከሃ እየፋቁ፣ የተፋቀውን በቅጠል በተለበጠ ጉድጓድ ቀብረው እስኪብላላ እየጠበቁ ቆጮ የሚያደርጉት ሴቶች ናቸው። ሚስቱን ሳያገኝ ብቻውን የተመለሰ ሰው ጓሮው ውስጥ ለመበላት የደረሰ እንሰት ቆሞለት ይራባል። ባሏ የጠፋባት ሴትም ቡናው ሲቀላ ከልጆቿ ጋር ልትለቅም ትችል ይሆናል፤ መሬቱ በማን ስም ነው የሚለው ጥያቄ ሲመጣ ግን እጇ ይያዛል። በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 154 መሠረት አንድ ሰው ጠፍቶ ሁለት ዓመት ወሬው ካልተሰማ ጉዳዩ ያገባኛል የሚል ሁሉ መጥፋቱ በፍርድ እንዲነገርለት ፍርድ ቤት ሊያመለክት ይችላል። ሁለት ዓመቱ ካለፈ ቆይቷል። ነገር ግን ባሏ በሕይወት ይኑር አይኑር ማንም ፈልጎ ያልነገራት ሴት በየትኛው ልቧ ሄዳ «ጠፍቷል በሉልኝ» ትላለች? ያላዘኑት ሞት፣ ያልተከፈለ ርስት፣ ያልተቋጨ ትዳር ይዞ መኖር ማለት ይህ ነው። ከዚህ አንፃር ፍለጋው «አልተገኘም» በሚል መልስ ቢያበቃ እንኳ ለቤተሰቡ ትልቅ ነገር ነው።

ከሁሉ በላይ ተደጋግሞ የሚሰማው ተቃውሞ በጌዴኦ ዘመድ ዘመዱን ያነሳል፣ መንግሥት የሚገባበት ጉዳይ አይደለም የሚለው ነው። ክብደት ያለው ተቃውሞ ነው፤ ምክንያቱም በ2010 ከመንግሥትም ከረድኤት ድርጅትም በፊት በሩን የከፈተው፣ ቆጮውን ያካፈለው፣ የማያውቀውን ልጅ ከልጆቹ ጋር ያስተኛው የጌዴኦ ገበሬ ነው። ባሌ የሚባለው የጌዴኦ ባህላዊ አስተዳደር ሥርዓት፣ የሶንጎ ሸንጎ፣ አባ ገዳውና ሀይቻ የሚባለው ሽማግሌ ዛሬም የሚሰማ ቃል አላቸው። ይሁን እንጂ ዘመድ ሊያነሳ የሚችለው የሚያውቀውን ነው። የሁለት ዓመት ልጅ ጎሳውን አይናገርም፤ የወረዳውን ስም አያውቅም። በሁለት ክልል መካከል ያለው መንገድ ሲቆራረጥ የዘመድ ወሬም አብሮ ይቆራረጣል። በኢትዮጵያ የወሳኝ ኩነት ምዝገባ በአገር ደረጃ የተጀመረው ሐምሌ 30 ቀን 2008 ነው፤ በዚያው ሰሞን የተካሄደው የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናት ልደታቸው የተመዘገበ ከአምስት ዓመት በታች ያሉ ሕፃናት ከመቶ 3 ያህል ብቻ መሆናቸውን አሳይቷል። ሁለት ዓመት ሳይሞላ መፈናቀሉ መጣ። እናም የጠፋው ልጅ ማንነቱን የሚያስረዳ አንድም ወረቀት ሳይኖረው ነው የጠፋው። ዘመድ ያሳደገው ልጅ ሁሉ እንደ ልጅ ይታያል ማለትም አይቻልም፤ ሰው ቤት ያደገ ልጅ ከትምህርት ይልቅ ለሥራ ሲፈለግ ማየት በአገራችን እንግዳ ነገር አይደለም።

ባህል ብቻውን እንደማይበቃ ለማየት ቻይናን የሚያህል ምስክር የለም። ለቻይናዊ የዘመን መለወጫ ዋዜማ ማለት ቤተሰብ በአንድ ማዕድ የሚቀርብበት ሌሊት ነው፤ ለዚያ ሲባል በ40 ቀን ውስጥ በመቶ ሚሊዮኖች የሚቆጠር ሕዝብ ከፋብሪካ ከተማ ወደ ትውልድ መንደሩ ይጎርፋል። በዓለም ላይ ይህን የሚያህል የመገናኘት ልማድ የለም። ልማዱ ግን የጠፋን ልጅ አላመጣም። ከሻንዶንግ ግዛት ጉዎ ጋንግታንግ የተባለ አባት በአውሮፓውያኑ አቆጣጠር በ1997 የሁለት ዓመት ልጁ ተሰርቆበት 24 ዓመት በሞተር ሳይክል አገሩን ሲያስስ፣ ወደ 500,000 ኪሎ ሜትር ተጓዘ፤ በዚያው አቆጣጠር በ2015 ታሪኩ ፊልም እስከ መሆን ደርሷል። ልጁ የተገኘው ግን በመንገድ ላይ አይደለም። በ2009 የተቋቋመው የፖሊስ የዘረመል መረጃ ቋት ነው በ2021 አባትና ልጅን ያገናኛቸው። በዚያ ዓመት ብቻ የቻይና ፖሊስ ባካሄደው ዘመቻ 10,932 የጠፉና የተሰረቁ ልጆች ተገኝተዋል። የቻይናው በደል የልጅ ስርቆት፣ የእኛው መፈናቀል ስለሆነ ሁለቱ አንድ አይደሉም፤ ጌዴኦም ነገ የዘረመል ቤተ ሙከራ ይሠራ የሚል የለም። ያ አባት ግን የፍቅርም የትጋትም ጉድለት አልነበረበትም። የጎደለው እሱ የሚፈልገውን ልጅና ልጁ የሚፈልገውን አባት አንድ ቦታ የሚያስቀምጥ መዝገብ ነበር።

«መጀመሪያ እንጀራ፣ መጀመሪያ ጣራ» የሚለው ተቃውሞ ብዙ መከራከሪያ አያሻውም። እርዳታ የሚሰጠው በአባወራና በእማወራ ዝርዝር ነው። ቤተሰቡ የተበተነ ሰው ከዝርዝሩ ውስጥ በቀላሉ ይወድቃል፣ ወይም በሁለት ቦታ ይቆጠራል። ቤተሰብን መዝግቦ መያዝ እንጀራውን ራሱን ለባለቤቱ ያደርሰዋል። ከቤት ግንባታና ከእህል ግዢ ጋር ሲነፃፀር ወጪው ሁለት ክፍል፣ ጥቂት ሠራተኛ፣ አንድ መዝገብ ነው።

ከበድ የሚለው ሌላው ነው። ቁስሉን አትነካኩ፤ ማን ጠፋ ብሎ መጠየቅ ማን አጠፋ ወደሚለው ይወስዳል፤ ጌዴኦና ጉጂ ገና አሁን አብረው ገበያ መዋል ጀምረዋል የሚለው። ይህን የሚሉት ክፉ አሳቢዎች አይደሉም። በ1987ና በ1990 ዓ.ም. የተፈጠሩትን ግጭቶች ያዩ ሽማግሌዎች ፍርሃታቸው ምክንያት አለው። ግን ፍለጋና ክስ ሁለት የተለያዩ ሥራዎች ናቸው፤ ተለያይተውም መሠራት ይችላሉ። የቀይ መስቀል መልእክት የሚባለውን ወረቀት ማየት ይበቃል፦ ፖስታ የሌለው ግልጽ ወረቀት ነው፤ የሚጻፍበት የቤተሰብ ወሬ ብቻ ነው፤ ስለ ፖለቲካም ስለ ጦርም አንዲት ቃል አይገባበትም፣ ሠራተኛውም ያነበዋል። በጦርነት መካከል ሳይቀር የሚያልፈው በዚህ ምክንያት ነው። በቻይናና በታይዋን መካከል የሆነውም ይኸው ነው። በአውሮፓውያኑ 1949 ከአንድ ሚሊዮን በላይ ሰው ባሕሩን ተሻግሮ ታይዋን ሲገባ፣ ሚስቱንና እናቱን ወዲያ ማዶ ጥሎ የሄደ ወታደር ስፍር ቁጥር አልነበረውም። 38 ዓመት ደብዳቤ እንኳ በቀጥታ አይሄድም ነበር። በአውሮፓውያኑ 1987 ያረጁት ወታደሮች አደባባይ ወጥተው አገራችን እንግባ፣ ቤተሰባችንን እንይ አሉ፤ በዚያው ዓመት ኖቬምበር መግቢያ ላይ ምዝገባ ተጀመረ። መዝጋቢው የታይዋን ቀይ መስቀል ነበር። ሁለቱ ወገኖች ያን ጊዜ አልታረቁም፤ ዛሬም አልታረቁም። ቤተሰብ ለመገናኘት ፖለቲካው እስኪያልቅ መጠበቅ አላስፈለገም።

የእኛው የሰሜን ታሪክ ደግሞ ተቃራኒውን ያስተምራል። መገናኘቱ ሙሉ በሙሉ በመሪዎች መግባባት ላይ ስለተንጠለጠለ፣ መስከረም 1 ቀን 2011 በእልልታ የተከፈተው የዛላምበሳ በር በወራት ውስጥ ተመልሶ ተዘጋ፤ የአስመራው በረራም በነሐሴ 2016 መጨረሻ ቆመ። በዚያ መስኮት ያልተገናኘ ዕድሉ አለፈው። የጌዴኦና የጉጂ ሕዝብ ከዚህ የተሻለ ዕድል አለው፤ በመካከላቸው የተዘጋ የአገር ድንበር የለም። በሽማግሌዎች ትረካ የጌዴኦ አባት ደራሶ፣ የጉጂው ጉጆና የቦረናው ቦሮ የአንድ አባት ልጆች ናቸው፤ ጎንዶሮ የሚባለውን የዕርቅ ሥርዓትም ሁለቱ ሕዝቦች ከጥንት ጀምሮ በጋራ ይዘውታል። ከጌዴኦዋ ዲላ እስከ ምዕራብ ጉጂዋ ቡሌ ሆራ ያለው አስፋልት 100 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። በዚያ መንገድ ላይ ቡና ያልፋል፣ ከብት ያልፋል፤ የጠፉ ሰዎች ስም ዝርዝርም ማለፍ ይችላል።

ጊዜው አልፏል የሚለው የመጨረሻው ተቃውሞ ነው፤ ግማሽ እውነትም አለው። ያን ጊዜ የአራት ዓመት ልጅ የነበረ ዛሬ ከአሥር ዓመት በላይ ሆኖታል፤ እናት የሚላት ሌላ ሴት ልትሆን ትችላለች። እንዲህ ያለውን ልጅ «ወላጅህ ተገኝቷል» ብሎ በአንድ ቀን ነቅሎ መውሰድ ሁለተኛ መፈናቀል ነው። ስለዚህ መገናኘት ሁልጊዜ አብሮ መኖር ማለት እንዳልሆነ ከመጀመሪያው መታወቅ አለበት። ልጁ ይጠየቅ፣ ያሳደጉት ይከበሩ፣ ዝምድናው በእርግጠኝነት ሳይጣራ ልጅ ለማንም አይሰጥ። የሕፃናት ስምና ፎቶግራፍም በፌስቡክ መበተን የለበትም፤ በእንዲህ ያለው ነገር ደግ አሳቢ ነኝ ባይ ብዙ ጉዳት ያደርሳል። ነገር ግን ልጁ ወላጆቹ እነማን እንደሆኑ፣ ሳይጥሉት የጠፉበት መሆኑን፣ ወንድምና እህት እንዳለው የማወቅ መብቱ በጊዜ ብዛት አያልፍበትም። ደቡብ ኮሪያ ጦርነቷ ካበቃ 30 ዓመት ቆይታ በአውሮፓውያኑ 1983 በቴሌቪዥን ቤተሰብ ስታፈላልግ ስርጭቱ 138 ቀን ቆይቶ 10,189 ቤተሰብ አገናኝቷል። ከዚያ ጋር ሲተያይ የእኛው ገና ትናንት ነው።

የሚያስፈልገው ይህ ነው። በዲላ አንድ፣ በቡሌ ሆራ አንድ ቋሚ የቤተሰብ ማፈላለጊያ ክፍል ይከፈት፤ መዝገባቸው አንድ ይሁን፤ ጠባቂው በሁለቱም በኩል የሚታመነው የኢትዮጵያ ቀይ መስቀል ማኅበር ይሁን፤ ዞኖቹም ክልሎቹም በጀት ይስጡት። መዝገቡ የመታወቂያ ቁጥር ብቻ የሚጠይቅ ከሆነ ለማንም አይጠቅምም። ልጅ የሚያስታውሰውን ይጠይቅ፦ በቤት የሚጠራበትን ስም፣ እናቱ የምትውልበትን ገበያ፣ የሚሄዱበትን ቤተ ክርስቲያን፣ የላሚቱን መልክ። የዲላና የቡሌ ሆራ ዩኒቨርሲቲዎች መረጃውን የሚያደራጅ ባለሙያ አያጡም። የአዋቂዎቹ ስም በሶንጎ፣ በጉጂ አባ ገዳዎች ጉባኤ፣ በእሑድ ጸሎት፣ በጌዴኡፋና በአፋን ኦሮሞ በሚተላለፉ የሬዲዮ ፕሮግራሞች ይነበብ። በ2010ና በ2011 የተሰበሰበው የሕፃናት መዝገብ የትም ይሁን የት ተፈልጎ ወደዚህ ክፍል ይግባ። የተገናኘው ቤተሰብ ብዛትም በየዓመቱ ለምክር ቤት ሪፖርት ይደረግ፤ በጀት ያለው ሥራ ቁጥሩ ሲጠየቅ ነው የሚሠራው።

ይህ ሁሉ እስኪሆን ግን አንባቢው የሚያደርገው አለ። ከ2010 ክረምት ጀምሮ የማን እንደሆነ የማታውቁት ልጅ ቤታችሁ ካለ፣ ወይም በጎረቤት ካወቃችሁ፣ ያሳደገው ሰው ወንጀለኛ አይደለም፤ ባለውለታ ነው። አሁኑኑ፣ የሚያስታውሰው ሳይጠፋው፣ የልጁን ቃል ጻፉለት። የመጣበትን ቀን፣ የለበሰውን፣ ያመጣውን ሰው ስም ጨምሩበት፤ አንዱን ቅጂ እናንተ ዘንድ አስቀርታችሁ ሌላውን ለቀበሌያችሁ ወይም ለወረዳው የሴቶችና ሕፃናት ጉዳይ ጽሕፈት ቤት አስረክቡ፤ መረከባቸውንም አስፈርሙ።